ማክስ ሊንደር፦ ቻፕሊን «መምህሬ» ያለው ፈረንሳዊ የድምፅ አልባ ፊልም ተዋናይ

ጥቁርና_ነጭ፦

ለመድረኩ አባላት ሁሉ ሰላምታዬ ይድረሳችሁ። በዚህ ክፍል ስለ ድምፅ አልባ ፊልም በተነሣ ቁጥር ወጉ ከቻርሊ ቻፕሊን ይጀምርና እዚያው ያበቃል። እኔም ቻፕሊንን አይቼ የማልጠግብ ሰው ነኝ። ሆኖም እርሱ ራሱ ፎቶግራፉን ለአንድ ፈረንሳዊ ሲያበረክት «ለብቸኛው ለማክስ፣ ለመምህሩ፣ ከደቀ መዝሙሩ ከቻርሊ ቻፕሊን» ብሎ ፈርሞ ከሰጠ፣ እኛ የደቀ መዝሙሩ ወዳጆች መምህሩን ሳናውቅ መቅረታችን አግባብ አይመስለኝም። ይህን ክር የከፈትሁት ስለ ማክስ ሊንደር የሥራ ዘመን የምናውቀውን አንድ ላይ እንድናሰባስብ ነው። የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

ሊንደር ዲሴምበር 16 ቀን 1883 በቦርዶ ከተማ አቅራቢያ በምትገኘው በሴን ሉቤስ ተወለደ። ወላጆቹ ያወጡለት ስም ገብርኤል ማክሲሚልያን ለቪዬል ነው። ቤተሰቡ በወይን እርሻ የሚተዳደር ቢሆንም ልጁን የማረከው ቲያትር ስለነበር፣ በቦርዶ ትወና ተምሮ ወደ ፓሪስ ተሻገረና በአምቢጉ ቲያትር አነስተኛ ሚናዎችን ይጫወት ጀመር። በ1905 ደግሞ የፓቴ የፊልም ኩባንያን ደጃፍ ረገጠ። በዚያን ጊዜ ፊልም ለመድረክ ተዋናይ የሚያኮራ ሥራ ሳይሆን የኪስ ገንዘብ ማግኛ ነበር፤ ወጣቱ ቀን ካሜራ ፊት እየቆመ ማታ ወደ ቲያትሩ ይሮጥ ነበር።

ለእኔ የሥራው ትክክለኛ መነሻ በ1907 በሉዊ ጋስኒዬ አዘጋጅነት የተሠራው፣ በበረዶ ላይ መንሸራተት ስለሚሞክር ጀማሪ የሚናገረው አጭር ፊልም ነው። አንድ ወጣት የሐር ባርኔጣውን ደፍቶ፣ ለእራት ግብዣ እንጂ ለበረዶ የማይሆን ልብሱን ለብሶ፣ በረዶ ወደ ሆነ ሐይቅ ይወርዳል። መንሸራተቻው ጫማው ላይ ከታሰረለት በኋላ አንዴ እንኳ ቀጥ ብሎ መቆም አይችልም። እግሮቹ ወደ ተለያየ አቅጣጫ ይሄዳሉ፣ እጆቹ እንደ ነፋስ ወፍጮ ይሽከረከራሉ፣ ባርኔጣው ይወድቃል። ፊልሙ በወጣበት ወቅት ይህ ነው የሚባል ስኬት አላገኘም። ዛሬ ሲታይ ግን «ማክስ» የሚባለው ሰው በሙሉ እዚያ በረዶ ላይ ቆሞአል፤ ወይም ሊቆም እየታገለ ነው።

ቀደም ሲል የነበረው የፊልም ቀልድ በአብዛኛው በሩጫ፣ በመውደቅና ዕቃ በመስበር የተሞላ ነበር። የሚወድቀው ሰው ማን እንደሆነ ግን ተመልካቹ ልብ አይልም፤ የሚያጣው ነገር የለውምና። ሊንደር ያመጣው ክብሩን እንዳያጣ የሚሳሳ ሰውን ነው። ሪዙ የተስተካከለ፣ ጓንቱ ንጹሕ፣ ከዘራው በእጁ የሆነ፣ ከሴቶች ጋር መጫወትና መልካም ምግብ የሚወድ፣ ሥራ ያለው የማይመስል የፓሪስ ጨዋ ልጅ ነው። ይህ ሰው ሲወድቅ የሚያስቀን ውድቀቱ ራሱ ሳይሆን እንዳልወደቀ ለመምሰል የሚያደርገው ጥረት ነው። በእኔ አመለካከት የሊንደር የሥራ ዘመን ሁሉ ከዚህ አንድ ግኝት የተመዘዘ ነው።

ጥያቄ_አለኝ፦

ክሩን ስለከፈቱልን ከልብ አመሰግናለሁ። ሁለት ነገር ልጠይቅ። አንደኛ፣ በመቶዎች የሚቆጠሩ ፊልሞችን ሠራ ሲባል እሰማለሁ፤ በጥቂት ዓመታት ውስጥ ይህን ያህል መሥራት እንዴት ይቻላል? ሁለተኛ፣ በፓቴ ቤት ከእርሱ በፊት አንድሬ ዴድ የሚባል ኮሜዲያን እንደነበረ አንብቤአለሁ። ታዲያ «የመጀመሪያው የፊልም ኮከብ» የሚለው ማዕረግ ለሊንደር መሰጠቱ ተገቢ ነው?

የመድረክ_ሰው፦

ልጄ፣ ጥያቄህ ተገቢ ነው። በቲያትር ሥራ ዕድሜዬን ስለጨረስሁ ሁለተኛውን እኔ ልመልሰው።

አንድሬ ዴድ በእርግጥ ቀድሞ ነበር። በፓቴ ቤት «ቧሮ» በሚል ገጸ ባሕርይ ተወዳጅነትን ካተረፈ በኋላ በቱሪን ወደሚገኘው ኢታላ ኩባንያ ሄደ። ያ ወንበር ባዶ መሆኑ ለሊንደር በር ከፍቶለታል። የለባሹን የከተማ ጨዋ ሚናም ቢሆን በፓቴ ቤት ከሊንደር በፊት ረኔ ግሬሃን «ጎንትራን» በሚል ስም ይጫወተው ነበር፤ እርሱም ወደ ኤክሌር ኩባንያ ሲዛወር ልብሱም ሚናውም ለሊንደር ተረፉ። ስለዚህ ባርኔጣውን ሊንደር አልፈጠረውም። ይህን የምናገረው ክብሩን ለመቀነስ አይደለም፤ በመድረክ ዓለም ልብስ ከተዋናይ ወደ ተዋናይ መተላለፉ ያለና የኖረ ነገር ነው። ጥያቄው ልብሱን ለብሶ ምን አደረገበት የሚለው ነው።

ዴድ ሰውነቱን እንደ ኳስ ያነጥር ነበር። ሊንደር ግን ዝም ብሎ መቆምን ያውቃል። በ1910 የተሠራውንና ማክስ ገላውን የሚታጠብበትን ፊልም ተመልከቱ። ሐኪም ገላህን ታጠብ ይለዋል፣ ገንዳ ገዝቶ ወደ ቤቱ ያመጣል፣ ውኃው ያለው ግን የሁሉም ተከራይ መተላለፊያ በሆነው ኮሪደር ላይ ነው። ስለዚህ ገንዳውን ወደ ኮሪደሩ ጎትቶ፣ ከቧንቧው ሥር አስቀምጦ፣ ልብሱን አውልቆ ይገባበታል። ጎረቤቶች ያልፋሉ። አንድ ተራ ኮሜዲያን እዚህ ጋ ይጮኻል፣ ውኃ ይረጫል፣ ይሮጣል። ማክስ ግን በራሱ መታጠቢያ ክፍል እንዳለ ሰው ተዝናንቶ ይቀመጣል። ፖሊሶች ከነገንዳው ተሸክመው ወደ ጣቢያ ሲወስዱትም ያው ነው። በመጨረሻ ገንዳውን እንደ ኤሊ በጀርባው አዝሎ ሲያመልጥ እንኳ የሚያሳስበው መያዙ ሳይሆን ራቁቱን መታየቱ ነው። እንዲህ ያለ እርጋታ የሚገኘው በመድረክ ላይ ከተፈተነ ተዋናይ ነው።

«የመጀመሪያው ኮከብ» የሚለውን ማዕረግ በተመለከተ፣ እኔ «ከመጀመሪያዎቹ አንዱ» ብል እመርጣለሁ። የእርሱ ልዩነት ስሙ ነው። የብዙ ተዋንያን ስም ለተመልካች በማይነገርበት ዘመን የእርሱ ስም በፊልሙ ርእስ ላይ ይጻፍ ነበር። ማክስ ይታጠባል፣ ማክስ ያገባል፣ ማክስ በሬ ይዋጋል ተብሎ። ሰው ቲኬት የሚቆርጠው ፊልም ለማየት ሳይሆን ማክስን ለማየት ሆነ።

ጥቁርና_ነጭ፦

ጋሼ፣ ስለ ግሬሃን የጻፉት እኔ ያላካተትሁት ነውና እርማቱን በደስታ እቀበላለሁ።

የፊልሞቹን ብዛት በተመለከተ ግን ነገሩ የሚገባን የፓቴን አሠራር ስናውቅ ነው። በዚያን ዘመን አንድ ሙሉ የፊልም ጥቅል 300 ሜትር ገደማ ነበር፤ በሰከንድ 16 ፍሬም (ነጠላ ምስል) ሲታይ ሩብ ሰዓት ጥቂት ያልፋል። የሊንደር ፊልሞች ብዙዎቹ ከዚህም ያጥራሉ። የቀረጻ ቦታው፣ ሠዓሊው፣ አልባሳቱና ካሜራው በቫንሴን ባሉት የፓቴ ስቱዲዮዎች ሁሌም ዝግጁ ስለነበሩ፣ ሐሳቡ ከተገኘ ፊልሙ በቀናት ውስጥ ይጠናቀቅ ነበር። በ1907 ደግሞ ፓቴ የፊልም ቅጂዎችን በሜትር መሸጡን ትቶ ወደ ማከራየት ተሻገረ። ይህ ማለት ሲኒማ ቤቶች በየሳምንቱ አዲስ ነገር ይጠብቃሉ ማለት ነው። ተመልካች የሚያውቀው አንድ ፊት በየሳምንቱ ቢመለስለት ደግሞ የበለጠ ይመጣል። ስለዚህ የማክስ ገጸ ባሕርይ የጥበብ ግኝት ብቻ ሳይሆን ከአዲሱ የኪራይ ንግድ ጋር በትክክል የገጠመ ነገር ነበር። ፓቴ ገና በ1904 በሞስኮና በኒው ዮርክ ቅርንጫፍ ከፍቶ ስለነበር፣ ፊልሙ በጥቂት ሳምንታት ውስጥ ባሕር ይሻገራል። ድምፅ ስለሌለው አስተርጓሚ አያስፈልገውም፤ በመካከል የሚገቡትን ጥቂት ጽሑፎች መለወጥ በቂ ነው።

ሊንደር ከ1911 አካባቢ ጀምሮ ፊልሞቹን ራሱ ይጽፍና ያዘጋጅ ነበር። በ1912 እና በ1913 ከስፔን እስከ ሩሲያ እየተዘዋወረ በአካል ለተመልካች ሲቀርብ ሕዝቡ በባቡር ጣቢያ ይጠብቀው ነበር። በባርሴሎና ደግሞ ለፊልሙ ሲል በእውነተኛ የበሬ ፍልሚያ ሜዳ ገብቷል።

የብርሃን_ጥላ፦

እኔ ደግሞ ለሊንደር አዲስ ለሆነ ሰው የማሳየው በ1911 የተሠራውን የኪና ወይን (ከኪና ዛፍ ቅርፊት የሚዘጋጅ የመድኃኒት ወይን) ፊልም ነው። ደካማ ለሆነው ማክስ ሐኪሙ በየቀኑ አንድ ብርጭቆ የኪና ወይን ያዝለታል። ማክስ ትእዛዙን በታማኝነት ይፈጽማል፤ ብቻ ብርጭቆው ከቦርዶ የመጣ ማስታወሻ የሆነ፣ ጋን የሚያክል ዋንጫ ነው! ሰክሮ ወደ ከተማ ይወጣና ከሦስት ባለ ሥልጣናት ጋር ይጣላል። ሦስቱም በዘመኑ ወግ መሠረት ለፍልሚያ ይጠሩትና የስም ካርዳቸውን ይሰጡታል። ከዚያ ፖሊሶች መንገድ ላይ ወድቆ ሲያገኙት ኪሱን ይፈትሻሉ፣ የአንዱን ባለ ሥልጣን ካርድ ያገኛሉ፣ «ክቡር ሆይ» እያሉ በአክብሮት ደግፈው ወደዚያ ሰው ቤት ያደርሱታል። ከዚያ ሲባረር ሌሎች ፖሊሶች ሌላውን ካርድ ያገኛሉ።

የወደድሁት አሠራሩን ነው። ካርዶቹ በፊልሙ መጀመሪያ እንደ ዋዛ ይገባሉ፣ ከዚያም አንድ በአንድ ይመነዘራሉ። በዚያ አጭር ፊልም ውስጥ የባከነ ምንም ነገር የለም። ሊንደር ስካሩን ሲጫወትም አይወላገድም፤ ያልሰከረ ለመምሰል ቀጥ ብሎ ለመራመድ የሚጥር ሰካራም ነው የሚሆነው። ከላይ «እንዳልወደቀ ለመምሰል» የተባለው ሐሳብ እዚህም ይሠራል።

ከፓሪስ_ጎዳና፦

የምኖረው ፓሪስ ስለሆነ አንድ ነገር ልጨምር። በፑዋሶኒዬር ቡለቫር ላይ ዛሬም ድረስ በስሙ የሚጠራ ሲኒማ ቤት አለ። ሊንደር በ1914 ገዝቶ ስሙን የሰጠው ነው። ውስጡ በየጊዜው ታድሶአል፤ አንድ ትልቅ ሸራና ደረጃ በደረጃ የተደራረቡ መቀመጫዎች ያሉት ቤት ነው። በዙሪያው የሚያልፈው ሕዝብ ስሙን በየቀኑ ያነብባል፤ ሰውየውን ግን ብዙው አያውቀውም። አንድ ምሽት አጠገቤ ተሰልፈው የነበሩ ሁለት ወጣቶች «ሊንደር ማለት የሕንፃው ባለቤት ይሆን?» ሲባባሉ ሰምቼ ዝም ማለት አልቻልሁም፤ ፊልሙ እስኪጀምር ስነግራቸው ቆየሁ።

በፓሪስ በአንድ የፊልም ማሳያ አዳራሽ የ1921ዱን የሰባት ዓመት መጥፎ ዕድል ፊልም ከብዙ ሰው ጋር የማየት ዕድል ገጥሞኝ ነበር። አሽከሩ ገረዲቱን ሊያቅፍ ሲታገል የጌታውን ትልቅ መስታወት ይሰብራል። ጌታው እንዳያውቅበት ወጥ ሠሪውን እንደ ማክስ አልብሶ በባዶው የመስታወት ክፈፍ ውስጥ ያቆመዋል። ማክስ ከወንደላጤነት መሰናበቻ ግብዣው አንጎበሩ ሳይለቀው ተነሥቶ ሊላጭ ይመጣል። እጁን ሲያነሣ ምስሉ ያነሣል፣ ሲጎነበስ ይጎነበሳል። ማክስ አንድ ነገር ይጠረጥራል፤ ግን ሰው የገዛ ምስሉን እንዴት ይጠረጥራል? ቀስ ይላል፣ ድንገት ይፈጥናል፣ ሊያታልለው ይሞክራል። አዳራሹ መጀመሪያ ላይ በየጥጉ ነበር የሚስቀው፤ ከዚያ ሁሉም ባንድ ትንፋሽ የሚስቅበት ደረጃ ላይ ደረሰ። ማክስ ተንኮሉን ደርሶበት ጫማውን ሲወረውር አዲሱ መስታወት ተገጥሞ ቆይቷል። ይሰበራል፤ መስታወት በሰበረ ሰው ላይ ይመጣሉ የሚባሉት ሰባቱ የመጥፎ ዕድል ዓመታትም እዚያ ይጀምራሉ። ከመቶ ዓመት በኋላ በማያውቁት ሰዎች መካከል እንዲህ ያለ ሳቅ መስማት እንባ ያመጣል።

የመድረክ_ሰው፦

የመስታወቱን ነገር ስላነሣሽ ልጄ፣ አንድ ማሳሰቢያ ልጨምር። ይህ ትእይንት ኋላ በ1933 አሜሪካውያኑ ኮሜዲያን ማርክስ ወንድማማቾች ዳክ ሱፕ በተባለው ፊልማቸው ስለሠሩት ዝናው ለእነርሱ የሄደ ይመስላል። ሊንደርም ቢሆን ግን ከባዶ አልፈጠረውም። ቻፕሊን በ1916 ፍሎርዎከር በተባለው ፊልም ከሚመስለው ሰው ጋር ፊት ለፊት ሲገናኝ የዚህ ዓይነት ጨዋታ ይጫወታል፤ በመድረክም ከዚያ የቀደመ ታሪክ አለው። የሊንደር ድርሻ ነገሩን በትዕግሥት ማርዘሙና ወደ መላጨትን ወደመሰለ ተራ የጠዋት ተግባር ማምጣቱ ነው።

ጥያቄ_አለኝ፦

ይህ ሁሉ ካለ ታዲያ ለምን ወደቀ? እኔ እስካሁን ባነበብሁት ላይ ቻፕሊን ስለበለጠው ነው የሚል ነገር ነው የሚደጋገመው። ቻፕሊን የድሃውን ሰው ታሪክ ሲያመጣ የሐር ባርኔጣ ያደረገ ሰው ዘመኑ አለፈበት ይላሉ።

ጥቁርና_ነጭ፦

በዚህ ላይ አጥብቄ ልከራከር። ዘመን አለፈበት የሚለው አባባል የመጀመሪያውን የዓለም ጦርነት ይዘለዋል።

በ1914 ጦርነቱ ሲፈነዳ ሊንደር 30 ዓመቱ ነበር፤ በዝናው ጫፍም ላይ ነበር። በመኪናው መልእክት እያመላለሰ አገልግሏል፤ ጋዜጦችም ሞተ ብለው እስከ መጻፍ ደረሱ። ከሞት ተረፈ፣ ጤናው ግን ከዚያ በኋላ አልተመለሰም። ጦርነቱ የፈረንሳይን ፊልም ኢንዱስትሪም አዳከመው፤ ተዋንያኑና ሠራተኞቹ ዘመቱ፣ የውጭ ገበያው ተዘጋ፣ ያንን ክፍተት የሞላው የአሜሪካ ፊልም ነበር። እንግዲህ ቻፕሊን የተነሣው በእነዚያው ዓመታት ነው። አንዱ በሚታመምበትና አገሩ በሚዋጋበት ጊዜ ሌላው በሰላም አገር በየወሩ ፊልም ይሠራ ነበር። ይህን እንደ እኩል ውድድር መቍጠር ተገቢ አይደለም።

ከዚያ የአሜሪካው የፊልም ኩባንያ ኤሳኔይ ይመጣል። ቻፕሊን በ1916 ይህን ኩባንያ ትቶ በሳምንት 10,000 ዶላር ወደሚከፍለው ሚውቹዋል ሲሄድ፣ ኤሳኔይ በእርሱ ምትክ ሊንደርን በሳምንት 5,000 ዶላር ቀጠረው። ውሉ 12 ፊልሞች ነበር። በ1917 ሦስቱ ብቻ ተሠሩ፤ የመጀመሪያዎቹ በቺካጎ፣ ሦስተኛው በሎስ አንጀለስ። ከዚያ ሕመሙ ተነሣበት፣ ውሉም ፈረሰ። በሌላ ሰው ወንበር ላይ የተቀመጠ እንግዳ፣ በማያውቀው አገር፣ ታሞ፣ የሄደውን ሰው እንዲያስረሳ ተጠየቀ። ኤሳኔይ ራሱም ከቻፕሊን መሄድ በኋላ እየወረደ ነበር። ደግሞም ሁለቱ ባላንጣዎች አልነበሩም፤ በሎስ አንጀለስ ጎረቤታሞች ሆነው ይጫወቱ ነበር።

ወደ ፈረንሳይ ተመልሶ በ1919 በሬይሞን በርናር አዘጋጅነት ስለ አንዲት ትንሽ ካፌ በሚናገረው ፊልም ሲጫወት በአውሮፓ እንደገና ተወደደ። ሰውየው አልከሸፈም ማለት ነው። ከዚያም እንደገና ወደ አሜሪካ ተሻግሮ ሦስት ረጃጅም ፊልሞችን ራሱ ሠራ። ሁለቱ በ1921 ወጡ፤ የመስታወቱ ፊልም አንዱ ነው። ሦስተኛው በ1922 የወጣው በአሜሪካዊው ተዋናይ በዳግላስ ፌርባንክስ «ሦስቱ ዘበኞች» ፊልም ላይ የሚያላግጠው ፊልም ሲሆን፣ በአሥራ ሰባተኛው መቶ ዘመን ልብስ የለበሱ ሰዎች ስልክ ሲደውሉና በሞተር ብስክሌት ሲሄዱ ይታይበታል። እነዚህ ፊልሞች ዛሬም ያስቃሉ፤ በአሜሪካ ግን እርሱ የተመኘውን ያህል አልተቀበሉአቸውም። ይህ ልቡን ሰብሮታል ብዬ አምናለሁ።

የብርሃን_ጥላ፦

ስለ መጨረሻዎቹ ዓመታት በጥንቃቄ እንድንነጋገር እለምናለሁ፤ ብዙ ጊዜ እንደ ፊልም ታሪክ እየተባለ በማሳመር ስለሚተረክ። ሊንደር በ1923 ኤሌን ፒተርስ የምትባል፣ በዕድሜ ከእርሱ እጅግ የምታንስ ወጣት አገባ። ቤተሰቦቿ ኒኔት ይሏት ነበር። በ1924 ከፊልም አዘጋጁ ከአቤል ጋንስ ጋር በአንድ አስፈሪ ግንብ ውስጥ ስለሚያድር ሰው አጭር ፊልም ሠራ፤ ቪየና ሄዶም የመጨረሻውን የሰርከስ ፊልሙን ሠራ። በከባድ የመንፈስ ጭንቀት ይሠቃይ ነበር። በኦክቶበር 1925 መጨረሻ እርሱም ኒኔትም በፓሪስ ሞቱ፤ እርሱ 41 ዓመቱ ነበር። ብዙ ጸሐፊዎች ይህን አብሮ ለመሞት የተደረገ «የፍቅረኞች ስምምነት» ይሉታል። እኔ ግን ገና ሃያዎቹን የጀመረች እናት ሞት እንዲህ ባለ ውብ ስም ሲሸፈን መስማት አልችልም። የሊንደርን ጥበብ እየወደድን የእርስዋን ስምም መጥራት ይገባናል።

ከፓሪስ_ጎዳና፦

እህቴ፣ አባባልሽ ልክ ነው። ከእነርሱ የተረፈችው ሞድ ሊንደር ያኔ 16 ወር ገደማ ዕድሜዋ ነበር። አባቷን ያወቀችው ካደገች በኋላ በፊልም ነው። ከዚያ ዕድሜዋን በሙሉ የጠፉትን ቅጂዎች በመፈለግ አሳለፈች። የዚያን ዘመን ፊልም ናይትሬት በሚባል ተቀጣጣይ ጥሬ ዕቃ ላይ ስለሚቀረጽ በቀላሉ ይቃጠላል፣ በእርጥበትም ይበሰብሳል፤ ከሊንደር ሥራዎች ብዙዎቹ የጠፉት በዚህና በቸልተኝነት ነው። ሞድ በ1963 ሦስቱን የአሜሪካ ፊልሞች አዋሕዳ ለሕዝብ አቀረበች፣ በ1983 ደግሞ ስለ አባቷ ዘጋቢ ፊልም ሠራች። በ2017 አረፈች። ዛሬ በዚህ ክር የምንወያይባቸው ፊልሞች ወደ እኛ የደረሱት በከፍተኛ ድርሻ በእርስዋ ትጋት ነው።

ጥያቄ_አለኝ፦

ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። ትናንት ማታ የገንዳውን ፊልም አገኘሁትና አየሁት። መጀመሪያ ላይ ሁሉም ሰው እንደ ጉንዳን ሲርመሰመስ ስላየሁ ቅር አለኝ። ስለ 16 ፍሬም የጻፉልኝ ትዝ ሲለኝ ግን፣ የዛሬው ማጫወቻ ከዚያ ይፈጥናልና፣ የማጫወቻውን ፍጥነት ወደ ሦስት አራተኛ ዝቅ አድርጌ እንደገና ጀመርሁት። ያን ጊዜ ሌላ ሰው መጣ። ጋሼ «ዝም ብሎ መቆምን ያውቃል» ያሉት በፈጣኑ ቅጂ ፈጽሞ አይታይም። በዝግታው ግን ጎረቤቶቹ በገንዳው አጠገብ ሲያልፉ ፊቱ ላይ የሚሆነው ሁሉ ይነበባል። ዛሬ ማታ የበረዶውን በዚያው ፍጥነት አያለሁ።